አርባንን ገዝቼ ሦስት ዓመት ነፋሁበት

ትራምፔት መማር የጀመረ ሰው ብዙም ሳይቆይ «አርባን አለህ?» መባሉ አይቀርም። እኔንም መጀመሪያ የጠየቀኝ አብሮኝ ይማር የነበረ ልጅ ነው። የመሣሪያ ስም መስሎኝ ነበር። ለካ የሰው ስም ነው፤ ሰውየው ካረፈ ብዙ ዘመን ስለሆነው ዛሬ «አርባን» ሲባል ሁሉም የሚያስበው የኖታ ልምምድ የሞላበትን መማሪያ መጽሐፉን ነው። መጽሐፉን ከገዛሁት ሦስት ዓመት አለፈኝ። ትንፋሽ መሣሪያ የሚማሩ ልጆች ይግዙት አይግዙት ደጋግመው ስለሚጠይቁኝ ያየሁትን ልጻፈው።

ዋናውን ቀድሜ ልናገር። ግዙት። ግን ከኋላ አትጀምሩት። የመጽሐፉ ሀብት ያለው ብዙ ሰው ዘሎ በሚያልፋቸው የመጀመሪያ ገጾች ውስጥ ነው።

ዣን ባፕቲስት አርባን እ.ኤ.አ. በ1825 ሊዮን ከተማ የተወለደ ፈረንሳዊ ነው። የሚነፋው ኮርኔት ነበር፤ ትራምፔት የሚመስል፣ ግን አጠር ብሎ የተጠቀለለ፣ ድምፁም ለስለስ ያለ መሣሪያ። በዚያን ጊዜ ፒስተን፣ ማለትም በጣት የሚጫኑት ቁልፍ፣ ያለው መሣሪያ ገና አዲስ ነው። የድሮው ትራምፔት ፒስተን ስላልነበረው የሚያወጣቸው ኖታዎች የተቆጠሩ ነበሩ። ኮርኔት ሦስት ፒስተን ይዞ መጣና ሁሉንም ኖታ አወጣ፤ ይሁን እንጂ ብዙ ሰው የጭፈራ መሣሪያ አድርጎ ነበር የሚያየው። አርባን ይህን መሣሪያ ከቫዮሊንና ከፍሉት እኩል ሊያስከብረው ተነሳ። በ1857 በወታደራዊ ትምህርት ቤት ማስተማር ጀመረ፣ በ1864 ትልቁን መጽሐፉን አሳተመ፣ በ1869 ደግሞ ራሱ በተማረበት የሙዚቃ ትምህርት ቤት፣ በፓሪስ ኮንሰርቫቶሪ፣ የኮርኔት ፕሮፌሰር ሆነ። በ1889 አረፈ። መጽሐፉ ሲታተም እኛ አገር አጼ ቴዎድሮስ ገና በዙፋናቸው ላይ ነበሩ። ተማሪው ሜሪ ፍራንካን ኋላ እዚያው የትራምፔት ፕሮፌሰር ሆኖ ብዙ ሰው አወጣ። እንዲህ እንዲህ እያለ ትምህርቱ ከአፍ ወደ አፍ አለፈ፣ መጽሐፉም ከእጅ ወደ እጅ።

አሁን ወደ ዕቃው። እኔ መጀመሪያ የያዝኩት ፎቶኮፒ ነበር። ከኮፒ ላይ የተነሳ ኮፒ ነው፤ አንድ ቤት ወስጄ አስነሳሁትና አስጠረዝኩት። የገጾቹ ግራ ጠርዝ ተቆርጦ ስለነበር በየመስመሩ መጀመሪያ ላይ የሚቀመጡት የሻርፕና የፍላት ምልክቶች (ኖታን በግማሽ ድምፅ ከፍና ዝቅ የሚያደርጉት) በከፊል አልወጡም። ሁለት ሻርፕ ያለውን ስኬል (በተራ የሚወጣና የሚወርድ የኖታ መሰላል) አንድ ሻርፕ ብቻ እንዳለው አድርጌ ሁለት ወር ሙሉ ነፋሁት። ጆሮዬ ለመደው፣ ጣቴም ለመደው። ማስተካከል ከመማሩ የበለጠ ጊዜ ወሰደብኝ። ስለዚህ ኮፒ የምታስነሱ ካላችሁ ከማስጠረዛችሁ በፊት እያንዳንዱን ገጽ ዳርና ዳሩን እዩት፣ እባካችሁ።

አሁን ያለኝን መጽሐፍ አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ የምትኖር የአክስቴ ልጅ ናት ስትመጣ ሻንጣዋ ውስጥ ከትታ ያመጣችልኝ። ካርል ፊሸር የተባለው አሳታሚ ያወጣው እትም ነው፤ ክላውድ ጎርደን የተባለው መምህር ማብራሪያ የጨመረበት፣ እ.ኤ.አ. በ1982 የወጣው። ከ300 ገጽ በላይ ስለሆነ ይከብዳል። ኅትመቱ ጥርት ያለ ነው፤ ኖታው ትልልቅ ባይሆንም በአምፖል መብራት ይነበባል። ቅር ያለኝ ጥራዙ ነው። የኖታ ማስቀመጫ ስታንድ ላይ ስታስቀምጡት ይዘጋል፤ በተለይ መጀመሪያና መጨረሻው አካባቢ። እኔ በልብስ መቆንጠጫ ነው የምይዘው።

መጽሐፉን ይዤ አስተማሪዬ ጋ የሄድኩበትን ቀን አልረሳውም። ጋሼ ነው የምላቸው። በወጣትነታቸው ማርሽ ባንድ ውስጥ የነፉ ሰው ናቸው። ቸኩዬ የመጨረሻዎቹን ገጾች ገለጥኩላቸው፤ ጥቅጥቅ ያለ ጥቁር ኖታ የሞላባቸውን። ጋሼ ተቀበሉኝና ገጹን ወደ ፊት እየመለሱ፣ እየመለሱ፣ የመጀመሪያው ልምምድ ላይ አቆሙት። ረጃጅም ኖታዎች ብቻ ናቸው። ትራምፔቴን አነሳሁ።

«አስቀምጠው። መጀመሪያ በአፍህ ዝፈነው» አሉኝ።

ዘፈንኩት። ከዚያ ነፋሁት።

«አጀማመርህ ደህና ነው። ስትጨርስ ግን በር ትዘጋለህ።»

እውነታቸውን ነበር። ኖታው ሳያልቅ ምላሴ መጥቶ ይቆርጠዋል። ለሦስት ሳምንት ከዚያ ገጽ አልወጣንም። በሦስተኛው ሳምንት አንድ ቀን ድምፁ እንደ ደወል እየሳሳ ሄዶ ሲያልቅ ሰማሁት። ጋሼ ምንም አላሉም፤ እርሳሳቸውን አውጥተው ገጹ ጫፍ ላይ ቀኑን ጻፉ።

ኋላ የአርባንን ማብራሪያ ሳነብ ያንኑ ነገር አገኘሁት። «የምላስ ምት» የሚባለው አነጋገር ብቻ ነው ይላል። ምላስ አይመታም፤ ወደ ኋላ ይሸሻል፤ አየሩን የሚለቅ እንደ ቫልቭ ያለ ነገር ነው። ይህን አንድ አንቀጽ ብቻ አንብቦ የተረዳ ሰው የመጽሐፉን ዋጋ አወጣ እላለሁ።

እዚህ ላይ አማርኛ ለምንናገር ሰዎች አንድ ነገር ልጨምር። አርባን ኖታውን በ«ቱ» ጀምሩ ይላል። እኛ ግን ጠንከር ያለ ድምፅ ስንፈልግ ሳናውቀው «ጡ» እንላለን። እጃችሁን አፋችሁ ፊት አድርጋችሁ ሞክሩት። «ቱ» ስትሉ አየሩ እጃችሁ ላይ ይመጣል። «ጡ» ስትሉ ጉሮሯችሁ ይዘጋል፣ የምትወጣውም ትንሽ ብጣቂ አየር ናት። በ«ጡ» የሚነፋ ሰው ድምፁ ይፈነዳል፣ ከዚያ ይቆማል። ፈጠን ባሉ ልምምዶች ላይ ደግሞ «ኩ» ትመጣለች፤ ሦስት ሦስት ኖታ ሲሆን «ቱ-ቱ-ኩ»፣ ሁለት ሁለት ሲሆን «ቱ-ኩ»። እሷም ሲደክመን «ቁ» ትሆናለች፤ ያው ጉሮሮ መዝጋት ነው። መጽሐፉ ይህን አይነግራችሁም፤ አርባን አማርኛ አያውቅም። እኔ ግን «ኩ»ዋን ለብቻዋ፣ በዝግታ፣ ያለ «ቱ» ሳምንት ሙሉ ነፍቻት ነው የተስተካከለችልኝ። ደግሞ አርባን ሦስት ሦስቱን ከሁለት ሁለቱ ያስቀድማል፤ ቅደም ተከተሉን አትቀይሩት።

በመጽሐፉ ውስጥ ከመጀመሪያዎቹ ልምምዶች ቀጥለው የሚመጡት ሳይቆርጡ ከኖታ ወደ ኖታ የሚሻገሩባቸው ልምምዶች ናቸው። ፒስተን ሳትቀይሩ በከንፈርና በአየር ብቻ ወደ ላይ ወደ ታች ማለት። አድካሚ ናቸው። ግን የከንፈር ጉልበት የሚመጣው ከዚያ ነው፤ አሥር ደቂቃ ነፍቶ ማረፍ፣ እንደገና አሥር ደቂቃ። ከንፈሬ እስኪያብጥ የነፋሁባቸው ቀናት ምንም አልጠቀሙኝም፤ በማግስቱ መንፋት አልቻልኩም።

የማልስማማባቸውም ቦታዎች አሉ። አርባን ማውዝፒሱን (ከንፈር ላይ የሚያርፈውን የመሣሪያውን አፍ) ሁለት ሦስተኛውን ታችኛው ከንፈር ላይ፣ አንድ ሦስተኛውን ላይኛው ላይ አድርጉት ይላል። እሱ እንዲህ ነው የነፋው፣ ይሻላል ብሎ ያመነውም ይህንኑ ነው። የሰው ጥርስና ከንፈር ግን አንድ አይደለም። እኔ እንደሱ ላድርግ ብዬ አንድ ወር አቃጠልኩ። ጋሼ መልሰው ወደ ነበርኩበት አመጡኝ። ትልቁ ጉድለት ግን ትንፋሽ ላይ ነው። ስለ አየር አወሳሰድ የሚለው ነገር አጭር ነው፤ እሱም ሆድ ወደ ውጭ እንዳይወጣ፣ ደረት እንዲሰፋ ነው የሚመክረው። እንዲህ ሳደርግ ትከሻዬ ተነስቶ አንገቴ ይገተራል።

ይህን ክፍተት የሞላልኝ ሌላ የናስ መሣሪያ መምህር ነው፤ አርኖልድ ጄኮብስ። እ.ኤ.አ. ከ1944 እስከ 1988 በቺካጎ ሲምፎኒ ኦርኬስትራ ቱባ የነፋ አሜሪካዊ ነው። ቱባ ከናስ መሣሪያዎች ሁሉ ትልቁ ነው፤ አየር ይበላል። ትምህርቱን በሁለት ቃል ይጠቀልለዋል፦ ዜማና ንፋስ። ዜማውን በጭንቅላትህ ጮክ አድርገህ ስማው፣ አየሩን ሳትጨናነቅ ልቀቀው፣ ስለ ጡንቻህ አትጨነቅ። እ.ኤ.አ. በ1998 እስኪያርፍ ድረስ የናስም የእንጨትም ትንፋሽ መሣሪያ የሚነፉ ሰዎች ቺካጎ ድረስ እየሄዱ ይማሩት ነበር። ጋሼ ጄኮብስ የሚባል ሰው ስም ሰምተው አያውቁም። ግን «መጀመሪያ በአፍህ ዝፈነው» ያሉኝ እሳቸው ናቸው። አርባንን በጄኮብስ ትንፋሽ ስነፋው መጽሐፉ ሌላ ሆነልኝ።

መሃል ላይ ያሉትን 150 ዜማዎች በፍጥነት ነው ያለፍኳቸው። አብዛኞቹ የዚያ ዘመን የኦፔራና የሕዝብ ዜማዎች ናቸው፤ ያምራሉ፣ ግን ጆሮዬ ስለማያውቃቸው በልቤ አልቀሩም። በእነሱ ፈንታ የኢንተርቫል ልምምዶቹን (ከኖታ ወደ ኖታ የሚዘለልባቸውን) ወስጄ በራሳችን ቅኝት ሠራኋቸው። ይህን በጣም እመክራለሁ። ትዝታን ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል፣ ላ ብላችሁ በአርባን አካሄድ፣ አንድ እየዘለላችሁ ውጡና ውረዱ። ከዚያ አምባሰል፦ ዶ፣ ሬ ፍላት፣ ፋ፣ ሶል፣ ላ ፍላት። ከሬ ፍላት ወደ ፋ ያለችው ዝላይ በትራምፔት ላይ እንዴት እንደምታስቸግር ታያላችሁ። ብዙ ልጆች እዚያች ጋ ድምፁን ገፋ አድርገው ከፍ ያደርጉታል፤ አምባሰሉም ይበላሻል። ምት የሚቆጥረውን ሜትሮኖም በደቂቃ 60 ላይ አድርጋችሁ ሥሩት።

እኛ አገርም ይህ ትምህርት በእጅ ነው የመጣው። ራስ ተፈሪ ኢየሩሳሌም ላይ ያገኟቸው አርባዎቹ አርመን ወላጅ አልባ ልጆች በ1916 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገብተው የናስ መሣሪያ ባንድ ሆኑ፤ መሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን ደግሞ በ1923 ዓ.ም. በንግሥ በዓሉ የተሰማውን ብሔራዊ መዝሙር ዜማ የደረሱት ሰው ናቸው። አርባን እና አርባ ልጆች፤ የስሙ መመሳሰል አጋጣሚ ነው፣ እኔ ግን ሁልጊዜ አብረው ይመጡብኛል። ከዚያ ወዲህ ስንቱ በየማርሽ ባንዱ ታናሹን ጎኑ አስቀምጦ አስተማረ። ጋሼም ከአንዱ ተምረው ነው ለእኔ የደረሱት።

ስለዚህ የመጽሐፉን ሌላ ትልቅ ስጦታ ልንገራችሁ፦ ለሁለት ሰው የተጻፉት 68 ቅንብሮች። ለብቻ የሚማር ሰው ይዘላቸዋል። አትዝለሉ፤ ሰው ፈልጉ። እኔና ጋሼ በየእሁዱ ሁለት ሁለት እንነፋለን። እሳቸው ታችኛውን ድምፅ ይይዛሉ። ቀላል ነው፣ ግን እኔ ትንሽ ከቶን ስወጣ ወዲያው ይሰማል፤ ሁለቱ ድምፆች አየር ላይ ይንቀጠቀጣሉ። ሲገጥም ደግሞ ክፍሉ ይሞላል። ጆሮ የሚሠራልህ መሣሪያ ይህን ያህል አላየሁም፤ ስልክ ላይ ያለው መቃኛም አይተካውም።

መጨረሻ ላይ ያለው «የቬኒስ ካርኒቫል» የተባለው የአርባን ሥራ ሁሉም የሚመኘው ነው። አሜሪካዊው ትራምፔት ነፊ ዊንተን ማርሳሊስ እ.ኤ.አ. በ1987 ያወጣውን ሰምታችሁ ይሆናል፤ አንድ ሰው ሳይሆን ሁለት ሰው የሚነፋ ይመስላል። እኔ ገና አልደረስኩበትም። ከእሱ በፊት 14 ከባድ ልምምዶች አሉ፤ እኔ ሁለተኛው ላይ ነኝ።

ለመግዛት ለምታስቡ፦ ውጭ ዘመድ ካላችሁ ስፓይራል ያለውን እትም አስመጡ፣ ስታንድ ላይ ይተኛል። አቅም ከሌለ፣ የመጀመሪያው ሥራ ከ160 ዓመት በላይ ስለሆነው የቀድሞዎቹ እትሞች ኢንተርኔት ላይ በነጻና በሕጋዊ መንገድ ይገኛሉ፤ ጥርት ያለውን ፈልጋችሁ አትሙት። ለአሥር ዓመት ልጅ ብቻውን አትስጡት፤ አጠገቡ የሚሰማው ሰው ይፈልጋል። ትሮምቦንና ዩፎኒየም ለምትነፉም በባስ ክሌፍ የተዘጋጀ አለ። እርሳስም ግዙ። ጋሼ የመጀመሪያው ልምምድ ላይ ዛሬም በየጊዜው ይመልሱኛል፤ ገጹ ጫፍ ላይ አሁን አሥራ አንድ ቀን ተጽፏል።