አባቴ ከቀበሌ ሊቀመንበርነት ሲነሱ ክሱን የጻፈልን ራፖር ጸሐፊ

ጎንደር ውስጥ ማመልከቻ የሚጽፍ ሞልቷል። እኔ የምነግራችሁ ስለ አንዱ ነው። ፒያሳ አካባቢ፣ አንድ ኮምፒውተርና አንድ ፕሪንተር ያላት ጠባብ ቤት ውስጥ ይሠራል። ስሙን ያልጻፍኩት ፈቃዱን ስላልጠየቅሁት ነው።

አባቴ ከከተማ ወጣ ያለች የገጠር ቀበሌ ሊቀመንበር ነበሩ። በ2005ቱ የአካባቢ ምርጫ ሕዝቡ ለቀበሌው ምክር ቤት መረጣቸው። ምክር ቤቱ ደግሞ ቆይቶ ሊቀመንበር አደረጋቸው። አንድ ቀን ከወረዳ ደብዳቤ መጣ። ሦስት መስመር ብቻ ነው። ከኃላፊነት ተነሥተዋል፣ ማኅተሙን ያስረክቡ ይላል። ጉባኤ አልተጠራም። ጥፋትዎ ይህ ነው ያላቸውም የለም። አባቴ ማኅተሙን አስረከቡ፤ ደብዳቤውን በፌስታል ጠቅልለው እኔ ጋ መጡ።

መጀመሪያ ሌላ ጸሐፊ ዘንድ ሄድን። አራት ገጽ ጻፈልን። ግማሹ «ግፍ ተፈጽሞብኛል» ነው። ሰው እየጠራ የሚዘልፍበት ቦታም አለ። ሳነብላቸው አባቴ አንጀታቸው ራሰ። እኔ ግን ቅር አለኝ።

የፒያሳው ልጅ አራቱን ገጽ አንብቦ ወደ ጎን አደረገው። ከዚያ ወደ አባቴ ዞረ። «አባባ፣ ያነሱዎት ከሊቀመንበርነቱ ነው ወይስ ከምክር ቤት አባልነቱ?»

«ልዩነት አለው እንዴ ልጄ?» አሉ።

አለው። ሊቀመንበር ያደረጋቸው ምክር ቤቱ ነው። ላውርድ ካለም ተሰብስቦ፣ ምልዓተ ጉባኤው ሞልቶ፣ በቃለ ጉባኤ ይሁን ነው ክርክራችን። የምክር ቤት ወንበሩ ግን የመራጩ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 12 እምነት ያጣበትን ተወካይ ማንሳት የሚችለው ሕዝቡ ነው ይላል። የሊቀመንበር ልጅ ሆኜ ሁለቱን ለይቼ አላውቅም ነበር።

ቀጥሎ ቃለ ጉባኤ አላችሁ ወይ አለን። አባቴ የተመረጡበት ቀን ቃለ ጉባኤ ቅጂው እቤታችን ነበር። ቅጂው እስኪመጣ አንድ ፊደል አልጻፈም። በሦስተኛው ቀን ይዘን ስንመለስ አራቱ ገጽ አንድ ገጽ ተኩል ሆነ። ስድቡ ወጣ፣ ቀኖቹ ገቡ። የማስረጃ ዝርዝሩ ለብቻው ተያያዘ።

የወደድኩት ደግሞ ይሄን ነው። ከማተሙ በፊት ለአባቴ ጮክ ብሎ አነበበላቸው። መጨረሻው ላይ፣ የቀረበው እውነት መሆኑን በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 92 መሠረት አረጋግጣለሁ የሚለው መስመር ጋ ቆመ። «አባባ፣ ይህ እንደ መሐላ ነው። የተሳሳተ ነገር አለ?» አላቸው። አባቴ ትንሽ አሰቡና «የተመረጥኩት 13 አይደለም። ያን ዕለት ሚካኤል ነበር፣ 12 ነው» አሉ። ቃለ ጉባኤውን ገልጦ አየ። እውነትም 12 ነው። አስተካከለ። አባቴ እያንዳንዱ ገጽ ላይ ቀስ ብለው ፈረሙ።

የማይችለውንም አልደበቀም። እጽፋለሁ እንጂ ጠበቃ አይደለሁም፣ ክርክሩ ላይ ጠበቃ ያዙ አለን። ወረዳው በዚያው ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 244 መቃወሚያ ያቀርባል፣ ጉዳዩ አስተዳደራዊ ስለሆነ ፍርድ ቤቱ ሥልጣን የለውም ይላል ብሎ አስጠነቀቀን። እንዳለውም ሆነ። መልሱ ላይ ሌላም ጨመሩበት፤ የምርጫ ዘመኑ አልፏል የሚል። ይሄኛው ያንገበግበኛል። በ2010 መካሄድ የነበረበት የአካባቢ ምርጫ ተራዘመ። ከዚያ ወዲህ እኛ ለቀበሌ ድምፅ የሰጠንበት ቀን የለም። ዘመኑ ካለፈ የሁሉም አባል አልፏል፤ ታዲያ የአባቴ ብቻ ለምን ተለየ?

ዋጋው በሦስት ኮፒ 300 ብር ነው። ቤቱ ይጠባል። ሁለት ሰው ከተቀመጠ ሦስተኛው ይቆማል፣ ለሽማግሌ ይከብዳል። መብራት ሲጠፋ ሥራ የለም፤ እኛ እስከ 9 ሰዓት ጠብቀናል። የምትሄዱ ጠዋት 2 ሰዓት ተኩል ላይ ድረሱ። ደብዳቤና ቃለ ጉባኤ ካላችሁ አትርሱ።

አሁን በመቃወሚያው ላይ ብይን ለመስማት ተቀጥረናል። አባቴ ማኅተሜን መልሱልኝ አይሉም። ጉባኤው ይጠራ፣ የመረጠኝ ሰው ፊት ለፊቴ ውረድ ይበለኝ ነው የሚሉት። ልጁም «የምጠይቀው ዳኝነት» ከሚለው ሥር የጻፈው ይህንኑ ነው።