አራት ኪሎ ወይስ ስድስት ኪሎ?

ለአዲስ አበባ እንግዳ አንድ አደባባይ ብቻ አሳይ ብባል ስድስት ኪሎን እመርጣለሁ። አራት ኪሎ የድል አደባባይ ነው፤ ሐውልቱ ንጉሠ ነገሥቱ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ወደ መዲናቸው የተመለሱበትን ዕለት ያስባል። ነገር ግን ወደ ፒያሳና ወደ ፓርላማ የሚጣደፈው እግረኛ ቀና ብሎ የሚያየው ከስንት አንዴ ነው።

ስድስት ኪሎ ግን ያስቆማል። በየካቲት 12 የሰማዕታት ሐውልት ዙሪያ ያሉት የነሐስ ቅርጾች የ1929ኙን ጭፍጨፋ፣ የወደቁትንና ሐዘንተኞቹን ፊት ለፊት ያሳያሉ። ከሁሉ የሚበልጠው ቦታው ራሱ ነው፦ አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም በግራዚያኒ ላይ ቦምብ የወረወሩበት የገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት እዚያው አጠገብ፣ በዩኒቨርሲቲው ግቢ ውስጥ ዛሬም አለ። እሱን ያየ እንግዳ ወደ አራት ኪሎ በእግሩ ቁልቁል መውረድ ይችላል።