ሐምሌት፦ የአባት ደም መመለስ በየትኛው እትም ይጸድቃል?

የሼክስፒርን «ሐምሌት» ለማንበብም ሆነ ለመድረክ ለማብቃት ያሰበ ሰው መጀመሪያ እትሙን ይምረጥ። በተውኔቱ የዴንማርኩ ልዑል ሐምሌት፣ አጎቱ ክላውዲየስ አባቱን ገድሎ እንደነገሠ ከአባቱ ሙት መንፈስ ይሰማል፤ እንዲበቀልም ይታዘዛል። ልጅ የአባቱን ደም መመለሱ ጽድቅ ነው ወይስ ኃጢአት የሚለው ጥያቄ እንደ እትሙ መልኩን ይለውጣል።

በ1603 እ.ኤ.አ. የታተመው ኳርቶ (በትንሽ ቅርጽ የታተመ መጽሐፍ) ከሁሉም አጭሩ ነው። ታሪኩን ያደርሳል፤ ለዚህ ሙግት ግን አይበቃም። የ1604ቱ ሁለተኛ ኳርቶ በአራተኛው ገቢር ትልቅ መነባንብ ይዟል፦ ሐምሌት የኖርዌዩ ልዑል የፎርቲንብራስ ጦር ለማትረባ መሬት ሊሞት ሲዘምት አይቶ በመዘግየቱ ያፍራል፤ ከእንግዲህ ሐሳቡ ሁሉ ደም እንዲሆን ይምላል። የ1623ቱ ፎሊዮ (የሼክስፒር ተውኔቶች በትልቅ ቅርጽ የተሰበሰቡበት መጽሐፍ) ይህን መነባንብ አላካተተም፤ በአምስተኛው ገቢር ግን ሌሎቹ የሌላቸውን ጥቂት መስመሮች ጨምሯል። ሐምሌት ንጉሡን በክንዱ ቢበቀለው ሕሊናው ንጹሕ እንደሚሆን፣ ቢተወውና ክፋቱ ቢቀጥል ደግሞ ኩነኔው የራሱ እንደሚሆን ለወዳጁ ለሆሬሽዮ ይናገራል። ሆሬሽዮ ስለ ሕሊና ትንፍሽ አይልም፤ ከእንግሊዝ ወሬ በቅርቡ ለንጉሡ እንደሚደርስ ብቻ ያሳስበዋል። ሁለተኛው ኳርቶ በቀልን የክብር ዕዳ፣ ፎሊዮው ደግሞ ክፋትን የማስቆም ግዴታ አድርጎ ያቀርባል። ስለዚህ ሁለቱንም ያዋሐደ እትም ይያዝ።

ሳይቀነስ ሲሠራ አራት ሰዓት ያህል ስለሚፈጅ አዘጋጆች ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የሚቆርጡት ፎርቲንብራስን ነው። ጉዳቱ ከባድ ነው። አባታቸው የተገደለባቸው ልጆች ከሐምሌት ጋር ሦስት ናቸው፦ የንጉሡ አማካሪ የፖሎኒየስ ልጅ ሌርቲስ ገዳዩን ቤተ ክርስቲያን ውስጥም ቢሆን አርደዋለሁ ይላል፤ አባቱን የሐምሌት አባት የገደለበት ፎርቲንብራስ ግን አጎቱ ሲገሥጸው በዴንማርክ ላይ ያነሣውን ጦር ይተዋል። እሱ ከወጣ በቀልን መተው እንደሚቻል የሚያሳይ ሰው አይቀርም።

ከሁሉም በላይ የሚበላሸው የጸሎቱ ትዕይንት ነው፤ ሦስተኛ ገቢር፣ ሦስተኛ ትዕይንት። ክላውዲየስ ተንበርክኳል፣ ሐምሌት ሰይፍ ይዞ ከኋላው ቆሟል። ብዙ ተዋንያን ይህን እንደ ፍርሃት ወይም እንደ ርኅራኄ ይጫወቱታል። ቃሉ ግን ግልጽ ነው፦ ሲጸልይ ቢገድለው ነፍሱ ገነት ትገባለችና ኃጢአት ሲሠራ ጠብቆ ወደ ሲኦል ሊልከው ይፈልጋል። እዚህ ላይ ፍትሕ አልቆ ጭካኔ ይጀምራል። ወዲያው በሚቀጥለው ትዕይንት ከመጋረጃ ጀርባ ያለውን ሰው ንጉሡ መስሎት ፖሎኒየስን ይወጋል። በሁለቱ መካከል ዕረፍት የሚያስገባ አዘጋጅ የነገሩን ሰንሰለት ይበጥሰዋል።

የክላውዲየስ ሞት ግን ይጸድቃል ባይ ነኝ። እስከዚያ ድረስ ማስረጃው የሙት መንፈስ ቃል፣ ሐምሌት ግድያውን አስመስሎ ባሠራው ተውኔት ጊዜ ንጉሡ ያሳየው ድንጋጤ፣ እንዲሁም ሐምሌት እንግሊዝ ውስጥ እንዲገደል ንጉሡ ያዘዘበትና ሐምሌት በእጁ ያስገባው ደብዳቤ ነበር። መጨረሻ ላይ ንግሥቲቱ፣ የሐምሌት እናት፣ በመርዝ ስትወድቅ ሌርቲስ ሐምሌትን በመርዝ ለመግደል የተሸረበውን ሴራ በአደባባይ ይናዘዛል፤ ጥፋቱ የንጉሡ መሆኑን ሁሉም ይሰማል። ሐምሌት ደብዳቤውን ቀይሮ ለሞት የላካቸው የቀድሞ ጓደኞቹ የሮዘንክራንዝና የጊልደንስተርን ሞት ግን፣ ሕሊናዬን አይነኩትም ቢልም፣ አይጸድቅለትም። ወደ እንግሊዝ የያዙት የንጉሡ ደብዳቤ የሐምሌት የሞት ትእዛዝ መሆኑን ማወቃቸውን የሚያሳይ አንድም መስመር የለም።