የስፖርት ጠመንጃ ሲገዛ ልብሱን ሳይሆን ሆዱን ማየት

የአክስቴ ልጅ ከፔንሲልቬኒያ ለዕረፍት ደሴ መጥቶ ነበር። ቡናው ሦስተኛ ላይ ሲደርስ፣ ከጦሳ የወረደው ጉም መስኮቱን እንደሸፈነው፣ ስልኩን አወጣና የሁለት ጠመንጃዎችን ፎቶግራፍ አሳየኝ። የአንደኛው ሰደፍ ያማረ እንጨት ነው፤ ሌላው ከጫፍ እስከ ጫፍ ጥቁር። «ጋሼ፣ እርስዎ የብረት ሰው ነዎት፤ የትኛውን ልግዛ?» አለኝ። አሜሪካ ከሄደ ወዲህ ከሥራ ባልደረቦቹ ጋር ኢላማ መተኮስ ጀምሯል፤ አጋዘን ማደንም አምሮታል። አክስቴ ረከቦቱን ወደ ራሷ ሳብ አደረገችና «ከዚህ ድምፅ ካረፍን ስንት ጊዜ ሆነንና ነው?» አለች። እውነቷን ነው። በ2014 ዓ.ም. ጥቅምት ደሴ የነበረ ሰው ጠመንጃ ሲባል ስፖርት አይታሰበውም።

እኔም ተኳሽ አይደለሁም። ዕድሜዬን የጨረስሁት ኮምቦልቻ ቶርኖ ቤት ውስጥ ነው፤ ስለ መሣሪያ የማውቀውም በብረቱ በኩል ነው። እኛ አገር ያለ ፈቃድ መሣሪያ መያዝ በአዋጅ ቁጥር 1177/2012 የተከለከለ ስለሆነ፣ ይህ ንጽጽር እንደ አክስቴ ልጅ በሚፈቀድበት አገር ኖሮ፣ ፈቃድ አውጥቶ ለሚገዛ ሰው ነው።

ማንኛውም ጠመንጃ ጥይቱ የሚያርፍበት ጎሬ፣ ጎሬውን ከኋላ የሚዘጋ መቀርቀሪያ፣ አፈሙዝ፣ ምላጭ፣ ጥይት የሚሞላበት ካርታ፣ ሰደፍና ማነጣጠሪያ አለው። እስከዚህ ድረስ ሁለቱ ፎቶግራፎች ወንድማማቾች ናቸው። ልዩነቱ ከተኩሱ በኋላ ይመጣል። መቀርቀሪያውን ማን ይከፍተዋል? ባዶውን ቀለሃ ማን አውጥቶ ይጥላል? ቀጣዩን ጥይትስ ማን ያጎርሳል? የእንጨቱ ጠመንጃ ይህን ሁሉ ለባለቤቱ እጅ ይተዋል። ጥቁሩ ግን ከተኩሱ ከራሱ ጉልበት ቆንጥሮ በራሱ ይሠራዋል። ከፊል አውቶማቲክ የሚባለው ይህ ነው፤ ምላጩ አንድ ጊዜ ሲሳብ አንድ ጥይት ብቻ ይወጣል፣ ለሁለተኛው ምላጩን ለቅቆ እንደገና መሳብ ያስፈልጋል።

ባለ እጅ መቀርቀሪያውን ለማስረዳት የአክስቴ የጓሮ በር በቃኝ። የበሩን መወርወሪያ ወደ ላይ ታነሣለህ፣ ወደ ኋላ ትስባለህ፣ መልሰህ ትገፋለህ፣ ወደ ታች ታጋድማለህ። አያቶቻችን ምንሽር ሲያቀባብሉ ያደረጉት ይህንኑ ነው። ጀርመናዊው ማውዘር በ1898 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ባወጣው ሞዴል ላይ መቀርቀሪያው ከፊት በሁለት ጥርሶች ይቆለፋል፤ ዛሬ አዲስ ተብለው የሚሸጡ ብዙ የአደን ጠመንጃዎች ከዚያ ንድፍ ብዙም አልራቁም። የሚንቀሳቀስ ነገር ስለሚያንሰው የሚበላሸውም ያንሳል። ለመወልወል መቀርቀሪያውን ነቅሎ ከኋላ ወደ ፊት ማጽዳት ይቻላል። ጉድለቱ ግልጽ ነው፦ ሁለተኛውን ጥይት ለማጉረስ እጅ ከምላጩ መነሣት፣ ብዙ ጊዜም ዓይን ከኢላማው መነጠል አለበት።

በራሳቸው ከሚያጎርሱት መካከል ቀላሉ በግፊት ብቻ የሚሠራው ነው። እዚህ መቀርቀሪያው ጨርሶ አይቆለፍም። በክብደቱና ከኋላው ባለው ሞላ ብቻ ተደግፎ ይቆማል፤ ጥይቱ ወደ ፊት ሲሄድ ቀለሃው መቀርቀሪያውን ወደ ኋላ ይገፋዋል። ይህ አሠራር የሚሆነው ጉልበቱ አነስተኛ ለሆነ ጥይት ነው፤ ለብርቱ ጥይት እንሥራው ቢባል የመቀርቀሪያው ክብደት ለትከሻ አይሆንም። እ.ኤ.አ. ከ1964 ጀምሮ የሚመረተው ሩገር 10/22 የዚህ ዓይነቱ ዋና ምሳሌ ነው። የሚተኩሰው በተለምዶ 22 የሚባለውን ትንሽ ጥይት ሲሆን፣ እንደ ከበሮ የሚዞር ባለ 10 ጥይት ካርታው ሰደፉ ውስጥ ተደብቆ ይቀመጣል። ክብደቱ 2.3 ኪሎ ግራም ገደማ ነው። ጥይቱ ርካሽ፣ ርግጫው እዚህ ግባ የማይባል ስለሆነ ለጀማሪ ከዚህ የሚሻል መማሪያ አላውቅም። አንድ የማልወድለት ነገር አካሉ ከኋላ ድፍን መሆኑ ነው፤ አፈሙዙን ለመወልወል ዘንጉን ከፊት ማስገባት ግድ ይላል። ያልተጠነቀቀ ሰው ደግሞ የአፈሙዙን ጫፍ ይፈገፍጋል፤ ጥይቱ መጨረሻ የሚለየው ያንን ጫፍ ስለሆነ ጭረቱ ኢላማው ላይ ይታያል።

ብርቱ ጥይት የሚተኩሱት መቀርቀሪያቸው ተቆልፎ መቆየት አለበት፤ መፍቻው ጋዝ ነው። አፈሙዙ ላይ ትንሽ ቀዳዳ አለች። ጥይቱ ቀዳዳዋን ሲያልፍ ከባሩዱ ጋዝ ጥቂቱ በእርሷ ሾልኮ ይወጣል። ሻጮች ተቻኩለው የሚያልፉት፣ ገዢ ግን መጠየቅ ያለበት እዚህ ላይ ነው፦ ያ ጋዝ ወዴት ይሄዳል?

የአክስቴ ልጅ ያሳየኝ ጥቁሩ የኤአር-15 ዓይነት ነው። ኤአር ማለት መጀመሪያ የነደፈው የአርማላይት ኩባንያ ስም ምህፃር ነው፤ ለሲቪል ገበያ ያቀረበው ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1964 ኮልት ነበር። በዚህ አሠራር ጋዙ በቀጭን ቱቦ ተጉዞ መቀርቀሪያውን የተሸከመው ብረት ውስጥ ይገባና እዚያው ተስፋፍቶ ይከፍተዋል። ሌላው አሠራር ጋዙን ከፊት ያስቀረዋል፤ ጋዙ አንድ ዘንግ ይገፋል፣ ዘንጉ መቀርቀሪያውን ይገፋል። የሶቪየቱ ሲሞኖቭ፣ እ.ኤ.አ. ከ1967 ጀምሮ የሚሸጠው የብራውኒንግ የአደን ጠመንጃና ሩገር ሚኒ-14 በዘንግ የሚሠሩ ናቸው።

ልዩነቱን በወጥ ቤት ልንገራችሁ። ባለ ቱቦው ጭሱን ወደ ጓዳ የሚመልስ ምድጃ ነው፤ ባለ ዘንጉ ጭስ መውጫ አለው። በመጀመሪያው ጥላሸቱና ሙቀቱ መቀርቀሪያው ላይ ይከማቻል፤ ስለዚህ ቶሎ ቶሎ መወልወልና ዘይት አለመንፈግ ያስፈልጋል። በምትኩ ከአፈሙዙ ጎን የሚመላለስ ከባድ ብረት ስለሌለው ቀለል ይላል፣ ሲተኮስም መንገጫገጩ ያንሳል። ሁለተኛው መቀርቀሪያው ሳይቆሽሽ ብዙ ይቆያል፤ ነገር ግን ክብደቱ ወደ ፊት ያጋድላል። ሲሞኖቭ ባዶውን ወደ 3.85 ኪሎ ግራም ይመዝናል፤ ተራራ ለሚወጣ አዳኝ ይህ ቀላል ሸክም አይደለም። እኔ ብሆን፣ በየሳምንቱ ኢላማ ሜዳ ሄዶ ማታውኑ ለሚወለውል ሰው ባለ ቱቦውን፣ ተኩሶ ጥግ ላይ ለሚያቆም ሰነፍ ባለ ዘንጉን እሰጣለሁ።

ስፖርት ስንል ግን ከፊል አውቶማቲኩን የሚቀበለው ሁሉም ስፖርት አይደለም። የበረዶ ሸርተቴና ተኩስን አጣምሮ የያዘው ባያትሎን ባለ 22 ጠመንጃ ይጠቀማል፤ በራሱ የሚያጎርስ ግን በደንቡ ክልክል ነው። በ50 ሜትር ርቀት ላይ ያለው ኢላማ ተኝቶ ለሚተኩስ 45 ሚሊሜትር፣ ቆሞ ለሚተኩስ 115 ሚሊሜትር ስፋት አለው። ትንፋሹ ተቆራርጦ የደረሰ ሰው ያንን በእጁ እያቀባበለ ይመታል። ስለዚህ ፍጥነት የመሣሪያው ብቻ ነው የሚለውን ወሬ እጠራጠራለሁ።

ምላጩንም አትዝለሉት። የኤአር ዓይነቱ መደበኛ ምላጭ ለመሳብ ብዙ ጊዜ ከ2.5 ኪሎ ግራም በላይ ኃይል ይጠይቃል፤ ደህና የአደን ባለ እጅ መቀርቀሪያ ግን ወደ 1.5 ኪሎ ግራም ዝቅ ተደርጎ የሚስተካከል ምላጭ ይዞ ይመጣል። ጣት የሚታገለው ምላጭ አፈሙዙን ያወዛውዛል። አፈሙዙ ላይ የተቀረጸውን ጽሑፍም አንብቡ፦ 223 ሬሚንግተን እና 5.56 ኔቶ ሲያዩአቸው መንትያ ጥይቶች ቢሆኑም ጎሬያቸው ይለያያል። ለ5.56 የተሠራ ጎሬ ሁለቱንም ይተኩሳል፤ ለ223 ብቻ በተሠራው ውስጥ 5.56 መተኮስ ግፊቱን ከልክ በላይ ሊያደርሰው ይችላል።

ልብሱም ቢሆን ፈጽሞ ከንቱ አይደለም። እንደ ደሴ ክረምት እርጥበት በበዛበት ቦታ እንጨት ያብጣል፤ ያበጠው ሰደፍ አፈሙዙን ሲጫነው ጥይቱ ትናንት ከመታበት ፈቀቅ ይላል። ፕላስቲክ ይህ ችግር የለበትም፤ ውበት ግን አትጠብቁበት።

ሱቅ ውስጥ በራሱ የሚያጎርስ ጠመንጃ ሲያቀብሏችሁ አፈሙዙን ከሰው አዙሩ፣ ጣታችሁን ከምላጩ አርቁ፣ በመጀመሪያ ካርታውን አውጡ፣ ከዚያ መቀርቀሪያውን ከፍታችሁ ጎሬውን በዓይናችሁ እዩ። ቅደም ተከተሉ ከተገለበጠ ጎሬውን ባዶ አደረግሁ ብላችሁ ሌላ ጥይት ታጎርሱታላችሁ። ካርታውን ብቻ አውጥቶ መተውም ጎሬው ውስጥ የቀረውን ጥይት አያወጣውም።

ይህን ሁሉ ከተነጋገርን በኋላ ነው የአክስቴ ልጅ የግዛቱን የአደን ደንብ ስልኩ ላይ የከፈተው። ፔንሲልቬኒያ አጋዘንን የመሰሉ ትልልቅ አውሬዎችን በከፊል አውቶማቲክ ጠመንጃ ማደንን ለረጅም ዘመን ስትከለክል የኖረች ግዛት ናት። ሁለት ጊዜ አነበበው። ለአጋዘኑ ያሰበው ጥቁሩን ነበር። «እንግዲህ ይህ ጥያቄ ከጋዙም ከዘንጉም መቅደም ነበረበት» አልሁት፤ ለካስ እኔም አልጠየቅሁትም።

ከተመለሰ ከወር በኋላ ፎቶግራፍ ላከልኝ። ያገለገለ ባለ እጅ መቀርቀሪያ ነው፣ ሰደፉ ላይ ጭረት አለበት። ከሥሩ «ጋሼ፣ ሰደፉ 2 ሳንቲሜትር ያህል ረዝሞብኛል፤ ማስቆረጥ ይቻላል?» ብሎ ጽፏል። ለአክስቴ አላሳየኋትም።