«ወረቀቷ ንጹህ ነው» ሲሏችሁ ሊብሬዋን ገልብጧት

መኪና ልትገዙ ብር አዘጋጅታችሁ የደላላ ስልክ የምትጠብቁ ካላችሁ፣ ክፍያውን አንድ ቀን አቆዩትና ይህችን አንብቡ። እኔ በ2013 ዓ.ም. አንድ ደብል ጋቢና ፒክአፕ በ1 ሚሊዮን 350 ሺህ ብር ገዛሁ። ከሁለት ዓመት በኋላ ስሟን ላዛውር ስሄድ ከ1 ሚሊዮን 100 ሺህ ብር በላይ የቀረጥ ዕዳ እንዳለባት ተነገረኝ። መኪናዋ የተሰረቀች አይደለችም። ሻጩም ስሙን የቀየረ አጭበርባሪ አይደለም። ሁሉም ነገር ተጽፎ ነበር። ያላነበብኩት እኔ ነኝ።

ገርጂ አካባቢ ትንሽ የሴራሚክ ሱቅ አለችኝ። ለደንበኛ ዕቃ ባደረስኩ ቁጥር ለመኪና ኪራይ መክፈል ሰለቸኝና ቴሌግራም ላይ ማሰስ ጀመርኩ። ይህች ፒክአፕ መጣች። ነጭ፣ ኮድ 3፣ ጎማዎቿ አዲስ። ዋጋዋ ከአምሳያዎቿ በጣም የወረደ ነበር። ደላላውን ለምን ረከሰች ብዬ ጠየቅሁት። «ባለቤቱ ብር ቸኩለው ነው፣ ወንድሜ። ወረቀቷ ንጹህ ነው» አለኝ። የሊብሬዋንም፣ ማለትም የባለቤትነት ደብተሯን፣ ፎቶ ላከልኝ። የሰሌዳ ቁጥር፣ የሻንሲ ቁጥር፣ የሞተር ቁጥር፣ የባለቤት ስም ያለበት ገጽ ነው። አንድ ገጽ ብቻ።

መካኒክ ይዤ ሄድኩ። ሞተሩን አስነስቶ አዳመጠ፣ ከሥሯ ገብቶ ተኝቶ አየ፣ ሻንሲዋን ከሊብሬው ጋር አመሳከረ። «ሰላም ናት» አለ። ልክ ነበር፤ እስከ ዛሬ ሞተሯ አልተነካም። ግን መካኒክ ቀረጥ አያይም።

ሳሪስ አንድ ካፌ ውስጥ ተገናኝተን ማኪያቶ አዘዝን። ሻጩ የእርሻ ኢንቨስትመንት ፈቃድ የነበራቸው፣ እርጋታ ያላቸው ጎልማሳ ናቸው። ደላላው ወደ እኔ ጠጋ ብሎ ውሉ ላይ ዋጋው 600 ሺህ ይባል አለኝ። «ለቴምብሩ ነው። ዝም ብለህ ለመንግሥት ለምን ትከፍላለህ?» መኪና ስም ሲዛወር 2 በመቶ የቴምብር ቀረጥ አለ። ከ1 ሚሊዮን 350 ሺህ ብር ላይ 27 ሺህ ይመጣል፣ ከ600 ሺህ ላይ ደግሞ 12 ሺህ። 15 ሺህ ብር አተረፍኩ ብዬ ደስ አለኝ። ይህችን 15 ሺህ ያዙልኝ፣ ወደ እሷ እመለሳለሁ።

ቀጥሎ ደግሞ ስም ማዛወሩ ለምን ያስቸኩላል አለ። «ወረፋ አለው፣ ወጪ አለው። ጋሼ የመሸጥ የመለወጥ ውክልና ይስጡህ። መኪናዋ ያንተው ናት።» ጋሼም ራሳቸውን ነቀነቁ። ውልና ማስረጃ ሄደን ውክልናው ተሰጠኝ። 600 ሺሁን በሻጩ አካውንት አስገባሁ። የቀረውን 750 ሺህ ግን ደላላው በሰጠኝ ሌላ አካውንት አስገባሁ። የአካውንቱ ባለቤት ለጋሼ ያበደረ ሰው ነው ተባልኩ። በነገራችን ላይ፣ ደላላው ኮሚሽኑን ሲቀበል ዋጋው 600 ሺህ አልነበረም። 2 በመቶውን ከ1 ሚሊዮን 350 ሺሁ ላይ ቆርጦ 27 ሺህ ብሩን ቆጥሮ ወሰደ።

ሁለት ዓመት በሰላም ነዳኋት። ሦስተኛ ወገን ኢንሹራንሷን ከፈልኩ፣ ዓመታዊ ምርመራ አስደርጌ ቦሎ ለጠፍኩ። ከዚያ ከባንክ ብድር ፈለግሁና መኪናዋን ለማስያዝ በስሜ ላዛውራት ተነሳሁ።

የትራንስፖርት ጽሕፈት ቤቱ መስኮት ላይ የነበረችው ልጅ ሊብሬውን ተቀብላ አንድ ገጽ ገለጠች። ሌላ ገለጠች። ከዚያ ወደ እኔ አዞረችውና በእስክሪብቶዋ ክዳን አንዲት ደብዘዝ ያለች ማኅተም ነካች። «ይቺን አላዩዋትም እንዴ?» አለችኝ። ከቀረጥ ነጻ የገባች ትላለች። ለማንበብ እንኳ ጎንበስ ማለት ነበረብኝ። ከኋላዬ የተሰለፈ አንድ ሰውዬ በረጅሙ «ወይ ጉድ» ሲል ሰማሁት። ልጅቷ ፋይሉን እንደገና አይታ «የጉምሩክ ደብዳቤ ሳያመጡ አይዛወርም» አለችኝ።

ብዙዎቻችን ቀረጥ ነጻ ሲባል ቀረጥ የማይነካት መኪና ትመስለናለች። ነጻ የሆነው ያስገባው ሰው ነው። ለኢንቨስትመንት፣ ለእርዳታ ድርጅት ወይም ለዲፕሎማት በተሰጠ መብት የገባች መኪና፣ መብቱ ለሌለው ሰው ስትተላለፍ ያልተከፈለው ቀረጥና ታክስ ይከፈልባታል። ለእርጅናዋ ቅናሽ ይሰላላታል፣ ቢሆንም ቀሪው ቀላል አይደለም። ለምን ቀላል እንዳልሆነ ደግሞ ስሌቱን ሳይ ገባኝ።

የመኪና ታክስ አንዱ በሌላው ጀርባ ላይ ነው የሚጫነው። ለምሳሌ ያህል ወደብ ላይ 100 ብር የምታወጣ ትንሽ አውቶሞቢል እናስብ። የጉምሩክ ቀረጡ 35 በመቶ ቢሆን 135 ትሆናለች። ኤክሳይሱ፣ በተመረጡ ዕቃዎች ላይ የሚጣለው ታክስ፣ 60 በመቶ ቢሆን የሚሰላው ከ100 ላይ ሳይሆን ከ135 ላይ ነው፤ 216 ደረሰች። ቫቱ፣ 15 በመቶው፣ ከ216 ላይ ነው፤ 248 ብር ከ40። ሱር ታክሱ፣ በገቢ ዕቃ ላይ የሚጨመረው 10 በመቶ ደግሞ ከዚህ ሁሉ ድምር ላይ ነው። 100 ብሯ 273 ብር ከ24 ሳንቲም ሆነች። ይህ ዊዝሆልዲንግ የሚባለው ቅድሚያ የሚከፈል ታክስና ሌሎች መዋጮዎች ሳይቆጠሩ ነው። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የኤክሳይስ ታክስ አዋጅ ደግሞ ላረጁ መኪኖች እስከ 500 በመቶ አድርሶታል። እንግዲህ ከአምሳያዋ በብዙ መቶ ሺህ የረከሰች መኪና ስታዩ፣ ከእነዚህ ውስጥ አንዱ አልተከፈለም ብላችሁ ጠርጥሩ። እኔ ያኔ «ዕድል ነው» ብዬ ነበር።

ወደ ሻጩ ሄድኩ። «ጋሼ፣ ይህን ለምን አልነገሩኝም?» ስላቸው «ደላላው ነግሮሃል ብዬ ነው» አሉኝ። ደላላው ደግሞ ጋሼ ነግረውሃል ብዬ ነው አለ። እሺ፣ መኪናዎን ይውሰዱ፣ ብሬን ይመልሱልኝ አልኩ። ጋሼ ውሉን ከመሳቢያ አወጡ። 600 ሺህ ይላል። በአካውንታቸው የገባውም 600 ሺህ ነው። 750 ሺሁ የገባበት አካውንት ባለቤት ደግሞ ከእኔ ጋር ምንም ውል የለውም። 15 ሺህ ብር ላተርፍ ብዬ 750 ሺህ ብሬን ምስክር አሳጣሁት። የሚያበሽቀው ደግሞ ዋጋ ዝቅ ማድረጉ ለቴምብሩም አይጠቅም ነበር። ስም የሚያዛውረው ቢሮ የራሱ የመኪና ዋጋ ግምት አለው። ውል ላይ የጻፋችሁት ከግምቱ ካነሰ በግምቱ ያስከፍላችኋል።

በሽማግሌ ተያዘ። ጋሼ ግማሹን ቀረጥ ሊከፍሉ ተስማሙ። እኔ ሌላውን ግማሽ በዘመድ ብድር ከፈልኩ። ደላላው በሽምግልናው ቀን ሥራ ነበረበት። ስሟ አሁን የእኔ ነው። ሁሉንም ስደምረው ቀረጧ የተከፈለ መኪና ያኔ ከምገዛበት ዋጋ በላይ አወጣሁ።

ውክልናውን በተመለከተ ዕድለኛ ነኝ ማለት ይቻላል፤ ጋሼ በሕይወት ነበሩ። ውክልና የሰጠው ሰው በፈለገ ጊዜ ሊሽረው ይችላል። ሲሞት ደግሞ ውክልናው አብሮት ይቆማል፤ ፍትሐ ብሔር ሕጉ እንደዚያ ነው የሚለው። ከዚያ በኋላ የምትለምኑት ወራሾቹን ነው። ከወራሾቹ አንዱ ውጭ አገር ይሆናል፣ አንዱ ይከራከራል፣ አንዱ ለአካለ መጠን አልደረሰም። በውክልና የያዝኳትን መኪና ለሌላ ሰው በውክልና ሸጥኳት የሚል ሁሉ ይህን ሰንሰለት እያረዘመው ነው። የመጀመሪያው ሰው ሲያርፍ ሁሉም ባዶ ወረቀት ይዞ ይቀራል።

ሻጮችም አትሳቁ። ስሟ ሳይዛወር መኪናዋን ከሰጣችሁ፣ ገዢው ነገ ሰው ቢገጭ በፍትሐ ብሔር የሚጠየቀው ባለቤት ተብሎ የተመዘገበው ነው። «እኔ እኮ ሸጫታለሁ» ለማለት በእጃችሁ ማስረጃ ያስፈልጋችኋል።

አሁን መኪና ብገዛ እንዲህ ነው የማደርገው። የሊብሬውን እያንዳንዱን ገጽ አያለሁ፣ ባዶ የሚመስለውንም። ፋይሏ ካለበት የትራንስፖርት ጽሕፈት ቤት ከዕዳና ከእግድ ነጻ መሆኗን የሚገልጽ ማረጋገጫ ሻጩ ራሱ እንዲያመጣ እጠይቃለሁ። በባንክ ብድር የተያዘች መኪና ብዙ ናት። አዲስ የገባች ከሆነ ዲክላራሲዮኗን፣ ማለትም ጉምሩክ ስትገባ የተሞላላትን ሰነድ፣ እጠይቃለሁ። ያልተከፈለ የትራፊክ ቅጣት ካለ ቦሎ ስታወጡ ይመጣባችኋል፣ ከክፍያ በፊት ይዘጋ። ሻጩ ያገባ ከሆነ ባለቤቱ ትምጣ፣ ካላገባም ያላገባ ማስረጃውን ያምጣ። የጋራ ንብረት ያለ ሁለቱ ፈቃድ ከተሸጠ ጣጣው ለገዢ ነው። ገንዘቡን ሙሉውን በሻጩ ስም አካውንት፣ ውሉ ላይ በተጻፈው ልክ አስገባለሁ። የመጨረሻውን ትልቅ ክፍያ ውሉ ውልና ማስረጃ ከተፈረመ በኋላ እለቃለሁ። ደላላ ቢያኮርፍ ያኩርፍ።

ከአስመጪ የምትገዙም ብትሆኑ አንድ ጥያቄ አትርሱ። የተነገራችሁ ዋጋ ከቫት ጋር ነው ወይስ ከቫት በፊት? 2 ሚሊዮን ተብላችሁ ካፌ ውስጥ ከጨበጣችሁ በኋላ 300 ሺህ ቫት ሲመጣባችሁ ፊታችሁ የሚሆነውን አውቀዋለሁ። ያለ ደረሰኝ እንጨርስ ካሏችሁ ደግሞ እሺ አትበሉ፤ ነገ ለመመዝገብ የሚጠየቀው ያው ወረቀት ነው። በኤሌክትሪክ መኪናም «ታክስ የለውም» የምትለዋን ዝም ብላችሁ አትቀበሉ። ተገጣጥሞ የሚገባው ከኤክሳይስና ከሱር ታክስ ነጻ ሲደረግ 15 በመቶ የጉምሩክ ቀረጥ ግን ይከፈልበት ነበር። በጥር 2016 ዓ.ም. የነዳጅ አውቶሞቢል እንዳይገባ ከተከለከለ ወዲህ ደግሞ ደላሎች አዲስ ዘፈን አላቸው። «ነገ ትጨምራለች፣ ዛሬ ካልያዝካት ሌላ ሰው ቆሟል።» ያ ሌላ ሰው እኔንም በ2013 ቆሞብኝ ነበር። እስከ ዛሬ አላየሁትም።

ባለፈው ሳምንት ያው ደላላ ደወለልኝ። ስልኩን አልሰረዝኩትም ነበር። «ወንድሜ፣ አንዲት ቪትዝ አለች፣ ለባለቤትህ ትሆናለች፣ ወረቀቷ ንጹህ ነው» አለኝ። የሊብሬዋን ሁሉንም ገጽ ፎቶ አንስተህ ላክልኝ አልኩት። «እሺ፣ አሁኑኑ» አለኝ። ቴሌግራሜ ላይ የገባው አንድ ገጽ ነው።