አሸንፈን ባዶ እጃችንን ስንመለስ የደረሰችልን ጠበቃ

እናንተዬ፣ ይህችን ጠበቃ ሳላመሰግን ብቀር እናቴም አትለቀኝም።

የውርስ ቤት ክርክራችን ለእናቴ ተፈረደላት። ደስታው ግን ብዙ አልቆየም። የፍርዱን ግልባጭ ይዘን ለማስፈጸም ስንሄድ ሠራተኛው ከካርታው ጋር አስተያይቶ መለሰን። ለካ 175 ካሬ ሜትር የሚለው ፍርዱ ላይ 157 ተብሏል። የእናቴ የአባት ስምም በሌላ ሰው ስም ተተክቷል። «እኔ በተጻፈው ነው የምሠራው» አለን። ምን ይፈረድበታል!

ከዚያ ያየነውን መከራ ተዉት። አንዱ ባለሙያ «ይግባኝ ነው የሚያዋጣችሁ» ብሎ የጠራው ክፍያ ያስደነግጣል። አሸንፎ ይግባኝ! ሌላው «ዳኛ ከፈረመ አበቃ፣ አዲስ ክስ ክፈቱ» አለን። ሌላዋ ደግሞ ቅድሚያ ክፍያዋን ከተቀበለች በኋላ ስልክ ማንሳት ተወች። እናቴ «ባይፈረድልኝ ይሻለኝ ነበር» እስከማለት ደረሰች።

ይህችኛዋ ግን ከሰላምታ በኋላ «ፍርዱን ላንብበው» ብላ ዝም አለች። ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው አነበበችው። ስህተቶቹን በእርሳስ ከበበች፤ አጠገባቸው ትክክለኛው የሚገኝበትን የማስረጃ ገጽ ጻፈች። «ይሄ ይግባኝ አያስፈልገውም፤ የጽሕፈት ስህተት ነው። የፈረደው ችሎት ራሱ ያርመዋል» አለች። የጠቀሰችውን አንቀጽ አትጠይቁኝ፤ አልያዝኩትም።

እናቴ ግን አጋጣሚውን ስታገኝ «የተከለከልኩትን የኪራይ ገንዘብም እግረ መንገድሽን ጨምሪልኝ» አለቻት። ሌላ ቢሆን ለክፍያው ሲል ይጨምረው ነበር። እሷ ወንበሯን አስጠግታ፣ «እማማ፣ የኪራዩን ነገር ዳኛው አይተው፣ መዝነው ነው ያልፈቀዱልዎት። እሱን ካልተስማሙበት ይግባኝ ነው። አሁን የምንለው ‹እጅ የሳተውን ያርሙልን› ብቻ ነው። ሁለቱን ካደባለቅን ይሄኛውም ይበላሽብናል» አለቻት። ማረሚያ ጠይቀናል ብለን የይግባኙን ቀን እንዳንዘነጋም አስጠንቅቃ፣ የመጨረሻውን ቀን በወረቀት ጽፋ ሰጠቻት። «መወሰኑ የእርስዎ ነው።» እናቴ አስባበት ተወችው። እስከዛሬ ማንም እንዲህ ቁጭ ብሎ አስረድቷት አያውቅም።

ማመልከቻው አንድ ገጽ እንኳ አልሞላም። የተጻፈው ይህ፣ ማስረጃው የሚለው ይህ፣ ይታረምልን። በቃ። ለተከራካሪያችንም ደርሶት መልስ ሰጠበት። ችሎቱ ከመዝገቡ ጋር አመሳክሮ እንዲታረም አዘዘ። ያን ሁሉ እንቅልፍ ያሳጣን ነገር ይኸው ነበር!

ትእዛዙ የወጣ ቀን ደወለችልኝ። እኔን ግን አላናገረችኝም። «ስልኩን ለእማማ ስጥልኝ» ብላ የታረመውን መስመር አነበበችላት። እናቴ «ድገሚልኝ» ስትላት ደገመችላት። ምርቃቱን እንኳን ልጽፈው አልችልም፤ ገና አላለቀም።

ጎበዝ ናት። ሐቀኛ ናት። ደግሜ እላለሁ፣ ፍርዳችሁ ላይ እንዲህ ያለ ነገር ካያችሁ አትንከራተቱ፣ ወደ እሷ ሂዱ። ስሟንና ስልኳን በውስጥ መስመር ለጠየቀኝ እሰጣለሁ። ስትሄዱ ግልባጩን ብቻ ሳይሆን ለፍርድ ቤቱ ያቀረባችሁትን ማስረጃም ያዙ፤ መጀመሪያ የምትጠይቃችሁ እሱን ነው።