ዊክሎው ወይስ ዲንግል?

አየርላንድ ውስጥ ለብዙ ቀናት በእግር መጓዝ ለሚያምረው ሰው ሁለቱም መንገዶች ልብ ይሰቅላሉ።

የዊክሎው መንገድ 130 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ከደብሊን ዳርቻ፣ ከማርሌይ ፓርክ ተነስቶ በተራሮች መካከል ወደ ደቡብ ይወርዳል። መነሻው ድረስ በከተማ አውቶቡስ ይኬዳል። ለጀማሪ ይህ ትልቅ ነገር ነው። ግሌንዳሎክ የተባለው ሸለቆ ስትደርሱ ግን አትቸኩሉ። ቅዱስ ኬቨን በ6ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የመሠረተው ገዳም ፍርስራሽ ከሐይቆቹ አጠገብ አለ። ከዚያ በኋላ የተተከለ ደን ይበዛል፤ እይታውን ይጋርዳል።

የዲንግል መንገድ ሌላ ዓለም ነው። ወደ 180 ኪሎ ሜትር ይጠጋል፤ ከትራሊ ከተማ ተነስቶ ልሳነ ምድሩን ዞሮ እዚያው ይመለሳል። ከዲንግል ከተማ በስተ ምዕራብ ብዙዎች አይሪሽኛ ያወራሉ። ያለ ጭቃ ድንጋይ በድንጋይ የተካቡ ጥንታዊ ጎጆዎች ቁልቁለቱ ላይ ቆመዋል፤ ከታች አትላንቲክ ይጮኻል። ከባዱ ክፍል 952 ሜትር ከፍታ ያለውን የብራንደን ተራራ ትከሻ መሻገር ነው። ጉም ከወረደ ጠብቁ፣ አትድፈሩት። ከተራራው በኋላ ረጅም የአሸዋ ዳርቻ ይጠብቃችኋል።

ሦስት ቀን ብቻ ካላችሁ የዊክሎው መንገድ አንድ ክፍል ይበቃል። ሳምንት ወይም ከዚያ በላይ ካገኛችሁ ግን፣ እኔን ከጠየቃችሁኝ፣ ዲንግል ነው።